በቱሉ ዲምቱ የፈረሰው ግቢ በስካን ሲነሣ፦ ካሜራ ያላየውን ግድግዳ ማን ይሙላው?

የቱሉ ዲምቱ ሠዓሊ

ለውይይት የማቀርበው ጉዳይ በዲጂታል መሣሪያ የምንሠራ ሁሉ አንድ ቀን የሚገጥመን ስለሆነ ዘርዘር አድርጌ እጽፋለሁ። በአዲስ አበባ ዳር በምትገኘው ቱሉ ዲምቱ፣ ከኮንዶሚኒየሙ ብሎኮች ጀርባ እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ የአንድ አርሶ አደር ቤተሰብ ግቢ ነበር። ቤተሰቡ ከመነሣቱ በፊት በፈቃዳቸው ግቢውን እየዞርኩ በስልኬ ቪዲዮ ቀረጽኩት። ሐሳቤ ከቪዲዮው ሰው ገብቶ ሊዘዋወርበት የሚችል ባለ ሦስት አውታረ መጠን ሥፍራ መሥራት ነው። ተመልካቹ ዛሬ መኪና ማቆሚያ በሆነው መሬት ላይ ቆሞ ስልኩን ሲያነሣ፣ የሣር ክዳኑን ጎጆ፣ ጎተራውን፣ የከብቶቹን በረትና የቁልቋሉን አጥር በየነበሩበት ቦታ እንዲያገኛቸው እፈልጋለሁ።

ቀረጻው ግን ጎዶሎ ነው። ከጎጆው በስተኋላ ውሻ ታስሮ ነበር፤ ከውሻውም ወዲያ ከፍ ብሎ የተከመረ ኩበት መተላለፊያውን ስለ ዘጋው ወደዚያ ማለፍ አልቻልኩም። በዚህ ምክንያት የፊት ለፊቱ ግድግዳ ከነጭዱና ከነስንጥቁ ቁልጭ ብሎ ሲታይ፣ ወደ ኋላ ሲዞሩ ጭቃው መደብዘዝ፣ ከዚያም መበጣጠስ ይጀምራል። የኋላው ግድግዳ ጨርሶ የለም፤ ግድግዳ መሆን በነበረበት ቦታ ሰማይ ይታያል።

ሥራውን በሁለት ቅጂ አዘጋጀሁት። በአንደኛው ክፍተቱን እንዳለ ተውኩት። በሁለተኛው ዛሬ ማንም በቀላሉ የሚያገኘውን ምስል አመንጪ ሰው ሠራሽ አስተውሎት ተጠቅሜ የኋላውን ግድግዳ አስሞላሁት። የብርሃኑ አቅጣጫ፣ የጥላው ርዝመትና የጭቃው ቀለም ከፊተኛው ግድግዳ ጋር ልክ ስለ ገጠመ፣ ቀረጻዬ የት አብቅቶ የማሽኑ ግምት የት እንደ ጀመረ በዓይን መለየት አይቻልም። ማሽኑ ግን ከጭቃው ሥር የተጠረበ የድንጋይ መሠረት፣ መሐል ላይ የእንጨት ፍሬም ያላት ትንሽ የመስታወት መስኮት፣ ከመስኮቷም አጠገብ ግድግዳውን ተከትሎ የሚወጣ ሐረግ ጨምሯል። ከቤተሰቡ እንዳረጋገጥኩት ከሦስቱ አንዱም በዚያ ግቢ ኖሮ አያውቅም።

ሁለቱንም ቅጂዎች ኮሚናል በምንለው የጋራ ቤት ውስጥ በፕሮጀክተር ለጎረቤት አሳየሁ። በሁለተኛው ቅጂ የኋላው ግድግዳ በማሽን የተሞላ መሆኑን አስቀድሜ በቃል ተናግሬያለሁ፤ በሩም ላይ በወረቀት ጽፌ ለጥፌያለሁ። ይህ ሁሉ ተነግሮም፣ በአካባቢው ተወልደው ያደጉ አንድ አዛውንት ሲመለከቱ ቆይተው መስኮቷን በጣታቸው እያመለከቱ፣ «በዚህች ነበር እኮ እናትየዋ ትኩስ ቂጣ የምታቀብለን» አሉ። አጠገባቸው የተቀመጡ ሰዎችም እንደሚያስታውሱ ተናገሩ። ሰዎቹ አልዋሹም፤ ቂጣውም እውነት ነው፣ ያቀበለችው እጅም እውነት ነው። መስኮቷ ግን በኮምፒውተሬ ውስጥ የተወለደች ናት።

ከዚህ በመነሣት የያዝኩት አቋም፣ እውነታንና አስመስሎን በሚያቀላቅል ሥራ ላይ «ይህ በማሽን የተሞላ ነው» ብሎ በጽሑፍ ማሳወቅ ብቻውን አይበቃም የሚል ነው። ጽሑፉ በር ላይ ይቀራል፤ ከሰው ጋር ወደ ቤት የሚሄደው ምስሉ ነው። ስለዚህ ልዩነቱ በራሱ በምስሉ አካል ላይ መታየት አለበት ብዬ አምናለሁ። እንዴት እንደሚታይ ግን ገና አልቆረጥኩም። ክፍተቱን ባዶ መተው አንዱ መንገድ ነው፤ ሌላ መንገድ ካለ ከእናንተ መስማት እፈልጋለሁ።

ኮድ ጸሐፊ (ሰሚት)

ወንድሜ፣ ያነሣኸው ነጥብ መሠረታዊ ስለሆነ መጀመሪያ መሣሪያው ራሱ እንዴት እንደሚሠራ ግልጽ ማድረጉ ይጠቅማል። በገለጻህ መሠረት የተጠቀምክበት ዘዴ ጋውሲያን ስፕላቲንግ የሚባለው ይመስለኛል፤ ይህም በ2023 እ.ኤ.አ. በዋናነት ከፈረንሳዩ ኢንሪያ የምርምር ተቋም የወጣ ነው። ፕሮግራሙ በመጀመሪያ ከቪዲዮው ፍሬሞች ካሜራው በየቅጽበቱ የት እንደ ነበረ ያሰላል። ከዚያም ቦታውን በብዙ ሺህ፣ አንዳንድ ጊዜም በሚሊዮን በሚቆጠሩ ብዥ ያሉ የቀለም ጠብታዎች ይሞላዋል፤ የእያንዳንዱን ጠብታ ቦታ፣ መጠን፣ ቀለምና የብርሃን ማሳለፍ ልክ ደግሞ ደጋግሞ እያስተካከለ፣ ከካሜራህ አቅጣጫ ሲታይ አንተ ከቀረጽከው ፎቶ ጋር እስኪመሳሰል ድረስ ይሠራል። ከእሱ በፊት በ2020 እ.ኤ.አ. የወጣው ኔርፍ የተባለው ዘዴም ዓላማው ተመሳሳይ ነበር።

ከዚህ የምንረዳው ነገር አለ፦ «ቀረጻ» የምንለው የፊተኛው ግድግዳም ቢሆን በስሌት የተገመተ ነው። ነገር ግን ሁለቱ ግምቶች በፍጹም እኩል አይደሉም። የፊተኛው ግድግዳ ግምት ከመስመር ሲወጣ የሚመልሰው አንተ በዚያ ቀን በዚያ ቦታ የቀረጽከው ፎቶ ነው። የኋላው ግድግዳ ግምት ግን የሚመለስበት ነገር የለውም፤ ምስል አመንጪው የሰለጠነበት ሌላ አገር፣ ሌላ ገጠር፣ ሌላ ግድግዳ ብቻ ነው ያለው። ድንጋዩ፣ መስኮቱና ሐረጉ የመጡት ከዚያ ነው። በዓለም ላይ ብዙ ጊዜ ፎቶ የተነሣው የገጠር ቤት ጀርባ እንዲያ ያለ ስለሆነ፣ ማሽኑ ከሁሉ የሚቀለውን መልስ ሰጠህ።

ስለ አዛውንቱ ትዝታ ደግሞ የሥነ ልቦና ጥናት የሚነግረን ነገር አለ። በ2002 እ.ኤ.አ. ኪምበርሊ ዌድና ባልደረቦቿ ለ20 ሰዎች በልጅነታቸው በሞቃት አየር ፊኛ ሲበሩ የሚያሳይ የተቀነባበረ ፎቶ አሳይተው በተከታታይ ቃለ ምልልስ ጠየቋቸው፤ በመጨረሻ ግማሾቹ ፈጽሞ ያልሆነውን በረራ በከፊልም ቢሆን «አስታወሱ»። ያ የተሠራው በተራ የፎቶ ማቀናበሪያ ነበር።

የየካ አባዶ ነዋሪ

በትሕትና ልለይ። ይህ የፍርድ ቤት ማስረጃ አይደለም፣ ጥበብ ነው። ጀርመናዊው ፎቶ አንሺ አንድሪያስ ጉርስኪ በ1999 እ.ኤ.አ. ባዘጋጀው የራይን ወንዝ ፎቶ ላይ በማዶ የነበረውን ሕንፃ በኮምፒውተር አጥፍቶታል፤ ያም ሥራ በ2011 እ.ኤ.አ. ከ4 ሚሊዮን ዶላር በላይ ተሸጧል። የእኛዋ አይዳ ሙሉነህ በዳሎል ሜዳ ላይ ፊታቸውን ቀለም የተቀቡ ሴቶችን አቁማ ያነሣቻቸው ፎቶዎች ከእግር እስከ ራስ የተቀነባበሩ ናቸው፤ ስለ ውኃ ቀጂ ሴቶች ድካም ግን ከብዙ የዜና ፎቶ በላይ እውነቱን ይናገራሉ። ፈጠራን «የት ላይ ፈጠርክ?» ብለን በየእርምጃው ከጠየቅነው አርቲስቱ ምን ይተርፈዋል?

ሌላም የሚያሳስበኝ ነገር አለ። የሌላው ዓለም ከተሞችና ቤተ መንግሥታት በዲጂታል ሲቀርቡ ምሉዕ፣ ንጹሕና ያማሩ ሆነው ነው። የእኛ ግቢ ሲቀርብ ለምን የተቀደደና ጎዶሎ ሆኖ ይታይ? እኔም ያደግኩት በእንዲህ ያለ ቤት ነው፤ ልጆቼ የአያታቸውን ቤት ጀርባ የሌለው አድርገው እንዲያዩት አልፈልግም።

ስሪዲ ሠሪ (ለገጣፎ)

የእኔ ሙያ የሪል እስቴት ሬንደር፣ ማለትም ገና ያልተሠራን ሕንፃ በኮምፒውተር እንደ ፎቶ አድርጎ ማሳየት ስለሆነ ከሌላኛው ጫፍ ልናገር። ከአያት ወደ ለገጣፎ በሚወስደው መንገድ ግራና ቀኝ፣ በግንባታ አጥር ቆርቆሮ ላይ የተለጠፉትን ትላልቅ ምስሎች ሁላችሁም ታውቋቸዋላችሁ። እንዲህ ያሉትን የምንሠራው እኛ ነን። ከተማው ዳር ላይ ሰው ከእውነታው በፊት የሚያገኘው አስመስሎውን ነው፤ መሠረቱ ሳይቆፈር ሕንፃው አብርቶ፣ ዛፉ አድጎ፣ ሕፃናቱ በሣሩ ላይ ሲሮጡ ይታያል።

እነዚህ ምስሎች ለምን ከዚህ አገር እንዳልሆኑ ሳያስታውቁ እንደሚያሳምኑ በሙያዬ ልግለጽ። ሉሚዮንም ሆነ ቪ-ሬይ በተባሉት የሬንደር ፕሮግራሞች ስንሠራ ዛፉን፣ ሰውንና ሰማዩን የምናነሣው አስቀድሞ ከተዘጋጀ የዲጂታል ምስሎች ክምችት፣ ላይብረሪ ከምንለው ነው። ሰዎቹ በወፍራም ካፖርት ይሄዳሉ፤ ዛፎቹ በመረሬ አፈር ላይ የማይበቅሉ ናቸው። ከሁሉም የሚከብደው ግን ብርሃኑ ነው። አዲስ አበባ ከምድር ወገብ በስተሰሜን በ9 ዲግሪ ገደማ ላይ ስለምትገኝ የቀትር ፀሐይ ወደ አናት የተጠጋች ናት፤ ጥላው አጭርና ጠቋራ ነው። ከሚያዝያ አጋማሽ እስከ ነሐሴ አጋማሽ ድረስ ደግሞ ቀትር ላይ ፀሐይዋ ወደ ሰሜን ስለምታዘነብል የቤቱ ሰሜናዊ ግድግዳ በቀጥታ ይበራል። በላይብረሪው ያሉት የተዘጋጁ ብርሃኖች ግን ሰሜናዊ ግድግዳ ሁልጊዜ ጥላ የሆነበትን አገር ሰማይ የተከተሉ ናቸው። ደንበኛ የሚወደው ያንን ረጅም፣ ለስላሳ፣ ወርቃማ ጥላ ነው። የእኛን ፀሐይ በትክክለኛ ቦታዋ አስቀምጬ ያቀረብኩት ሬንደር «ደረቀ» ተብሎ ተመልሶብኛል።

ስሙን የማልጠራው አንድ አሠሪ ያሠራኝን ምስል የያዙ ገዢዎች፣ ያችን ወረቀት ዘርግተው ሣር በሆነው ቦታ ላይ የራሳቸውን በረንዳ ሲፈልጉ በዓይኔ አይቻለሁ። ከምስሉ ግርጌ በትንንሽ ፊደል «ለማሳያ ብቻ» ተብሎ ተጽፎ ነበር፤ ያን ያነበበ አልነበረም። ስለዚህ ሠዓሊው «ጽሑፍ አይበቃም» ሲል እኔ ከሥራ ልምዴ ተነሥቼ እመሰክርለታለሁ።

ለየካ አባዶው ወንድማችን የምለው፣ ጉርስኪ ሕንፃ ያጠፋበት ወንዝ ዛሬም እዚያው ይፈስሳል፤ የሚፈልግ ሄዶ ማመሳከር ይችላል። ይህ ግቢ ግን ፈርሷል። ማመሳከሪያው ሲጠፋ ሥራው ራሱ ማመሳከሪያ ይሆናል፤ አርቲስቱ ቢፈልግም ባይፈልግም ማለት ነው።

ተመልካች

ቤተሰቡ ሁለተኛውን ቅጂ አይተውታል? ምንስ አሉ?

የቱሉ ዲምቱ ሠዓሊ

ልጃቸው አይታዋለች። ይህን የውይይት ክር ልኬላታለሁ፤ ፈቃዷ ከሆነ ራሷ ብትጽፍ ይሻላል።

የቀለም መምህር

ልጆቼ፣ ውይይታችሁን በደስታ ተከታትያለሁ። «ባዶ ይተው ወይስ ይሞላ?» ከሚለው ሌላ ሦስተኛ መንገድ መኖሩን ማወቅ ስለሚገባችሁ እጽፋለሁ፤ መንገዱም የተጠረገው በአሮጌ ሥዕሎች ጥገና ነው።

ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ በጣሊያን በቦምብ የተጎዱ የግድግዳ ሥዕሎችን የሚጠግኑ ባለሙያዎች ልክ እንደ እናንተ ተጨንቀው ነበር። ቀለሙ የረገፈበትን ቦታ ባዶ ቢተውት ዓይን ሥዕሉን ትቶ ቀዳዳውን ብቻ ያያል። እንደ ጥንቱ አስመስለው ቢሞሉት ደግሞ ጠጋኙ በሞተው ሠዓሊ ስም ይፈርማል። በሮም የጥገና ተቋም ኃላፊ የነበረው ቼዛሬ ብራንዲና ባልደረቦቹ ያገኙት መፍትሔ ትራቴጆ ይባላል። የጎደለውን ቦታ በቀጫጭን፣ ወደ ታች በሚወርዱ፣ እርስ በርስ በተጠጋጉ የቀለም መስመሮች ይሞሉታል። ከሩቅ የቆመ ሰው መስመሮቹ ተዋሕደው ሥዕሉን ምሉዕ ሆኖ ያየዋል፤ ቀርቦ የተመለከተ ግን የቱ የቀደመው ሠዓሊ፣ የቱ የጠጋኙ እጅ እንደሆነ ወዲያው ይለያል። ምልክቱ በወረቀት ሳይሆን በቀለሙ ውስጥ ነው ያለው። ሠዓሊው የሚፈልገው ይህን ይመስለኛል።

ከእኛም ቤት የሚነሣ ነገር አለ። በጥንታዊው የቤተ ክርስቲያን ሥዕል ቅዱሳን በሙሉ ፊት፣ ከሐዲና ጨካኝ ግን በጎን፣ በአንድ ዓይን ይሣላሉ። ሠዓሊው ያንን ሰው አይቶት አያውቅም፤ ምእመኑም ይህን ያውቃል። ግን ሁለቱም የሚያነቡት አንድ ሥርዓት ስለ ነበራቸው ሥዕሉ ማንንም አላሳሳተም። በዲጂታሉ ዓለም የጎደለው እንዲህ ያለ ሥርዓት ነው። በቀረጻና በግምት መካከል ያለውን ልዩነት ተመልካቹ እንደ ፊደል እንዲያነበው ገና አላስተማርነውም፤ የማስተማሩ ሥራ ደግሞ ከእንዲህ ካሉ ትንንሽ ሥራዎች ይጀምራል እንጂ ከትልልቅ ኩባንያዎች አይጠበቅም።

በነገራችን ላይ በኬፕታውን ዩኒቨርሲቲ የሚገኘው የዛማኒ ፕሮጀክት የላሊበላን ፍልፍል አብያተ ክርስቲያናት በሌዘር ስካነር ለክቶ መዝግቧል። በእንዲህ ያለ ልኬት ጨረሩ ያልደረሰበት ቦታ ክፍት ሆኖ ይወጣል፤ ክፍቱ ቦታ መሣሪያው የት ድረስ እንዳየ ስለሚናገር ለባለሙያ እንደ ነውር አይቆጠርም። የየካ አባዶው ልጄ «ተቀደደ» ያልከውን በዚህ ዓይን ብታየው መልካም ነው።

የግቢው ልጅ

ሁላችሁንም ሰላም እላለሁ። ስለ ቤታችን ስትጽፉ አንብቤ ዝም ማለት ስላልቻልኩ ነው።

በመጀመሪያ፣ መስኮት አልነበረም። ጋሼ ያሉት ቂጣ ግን ትክክል ነው፤ እናቴ የምታቀብለው በጓሮው በር ነበር፣ በሩም ከጎጆው ሳይሆን ከማድ ቤቱ ነው። በሁለተኛው ቅጂ ላይ መስኮቷን ሳያት ቆንጆ መሆኗ ይበልጥ አሳዘነኝ። ቤታችን ጎድሎት የኖረው እሷ ነበረች የሚል አስመስሏታል።

ሁለተኛ፣ ሠዓሊውን አከብረዋለሁ፣ ነገር ግን «መንገዱን ዘጋው» ብሎ የጻፈው የኩበት ክምር የጓሯችን ዋና ነገር እንጂ መሰናክል አልነበረም። እናቴ ከብቶቹ ከወጡ በኋላ ፍጉን በእጇ ጠፍጥፋ ፀሐይ ላይ ታሰጣው ነበር፤ ሲደርቅ ከምራ አቃቂ ገበያ ትወስደዋለች። የእኔም የወንድሞቼም ደብተር የተገዛው በዚያ ነው። የኋላው ግድግዳ ደግሞ ባለ ድንጋይ ሳይሆን ከመሬት ጀምሮ ጭቃ ነው፤ በየዓመቱ መስከረም ሳይጠባ ስለምትመርገው የጣቶቿ መስመር ከላይ ወደ ታች እየወረደ ታትሞበት ነበር። ከማድ ቤቱ በኩል ያለው ጫፍ በጭስ ጠቁሯል።

የቀለም መምህር ስለ መስመሮቹ የጻፉትን ሳነብ የእናቴ ጣት ታወሰኝ። ባዶ ይተው የሚለውን አልቃወምም። ግን ከተሞላ በእሷ ቃል ይሞላ። እናቴ አማርኛ ትሰማለች እንጂ አቀላጥፋ አትናገርም፤ በኦሮምኛ ትናገር፣ ድምፅዋ በዚያ በኩል ሲዞሩ ይሰማ። ክምሩም እንዳይረሳ።

የየካ አባዶ ነዋሪ

እኅቴ፣ አመሰግናለሁ። ልጆቼ የአያታቸውን ቤት ሙሉ ሆኖ እንዲያዩት ያለኝ ፍላጎት አልተለወጠም፤ ነገር ግን «ሙሉ» ያልኩት ማሽኑ የሰጠን ዓይነት ሙሉነት እንዳልሆነ አሁን ተረድቻለሁ። በ2016 እ.ኤ.አ. ፎረንሲክ አርኪቴክቸር የተባለው የለንደን ተመራማሪዎች ቡድን ከአምነስቲ ኢንተርናሽናል ጋር ሆኖ፣ ከውጭ ማንም ገብቶ ሊቀርጸው ያልቻለውን የሶሪያን የሳይድናያ እስር ቤት ከተረፉት ሰዎች ትዝታ፣ በተለይም ከሰሙት ድምፅ ተነሥቶ በኮምፒውተር ሠርቶታል። ጉዳዩ የተለያየ ነው፤ ግን ትዝታ የሞዴል ምንጭ መሆን እንደሚችል ያሳያል። እናትዮዋ ከተናገሩ ግድግዳውን ብሌንደር በተባለው የሦስት አውታረ መጠን መሥሪያ ፕሮግራም በእጄ ለመሥራት ፈቃደኛ ነኝ።

ኮድ ጸሐፊ (ሰሚት)

የመምህሩ ሐሳብ በዲጂታልም በቀላሉ ይሠራል። በቀረጻ የተገኘውን ክፍልና በቃል የተሠራውን ክፍል በሁለት የተለያዩ ፋይሎች መያዝ ያስፈልጋል፤ አንዴ ከተዋሐዱ መለየት ስለሚያስቸግር ከመጀመሪያው ይለዩ። በእጅ በተሠራው ግድግዳ ላይ ደግሞ ከካሜራው ርቀት ጋር የተሳሰረ ሻደር፣ ማለትም የግድግዳው ገጽ እንዴት እንደሚታይ የሚወስን አጭር ኮድ እጽፋለሁ፦ ተመልካቹ ከራቀ ግድግዳው ድፍን ሆኖ ይታያል፤ ወደ ሁለት ሜትር ሲጠጋ ከላይ ወደ ታች የሚወርዱ መስመሮች እየለዩ ይመጣሉ፤ ሲነካው መስመር ብቻ ይሆናል። የመስመሩን ስፋት ከእኅታችን ትዝታ፣ ከእናትዮዋ ጣት ስፋት ብንወስደው ይመረጣል።

አንድ ማስጠንቀቂያ ልጨምር፦ የስልክ ጂፒኤስ ብዙ ሜትሮች ስለሚሳሳት፣ በተለይም በብሎኮች መካከል፣ ጎጆው በደረጃ ላይ ወይም በግድግዳ ውስጥ ሊወድቅ ይችላል። ስለዚህ ከቦታው አንድ የማይንቀሳቀስ ነገር፣ ለምሳሌ የብሎኩ ቁጥር የተጻፈበትን ግድግዳ፣ እንደ መነሻ ምልክት አድርገን ስልኩ ከዚያ እንዲለካ እናድርግ።

የቱሉ ዲምቱ ሠዓሊ

ሁላችሁንም ከልብ አመሰግናለሁ። የወሰንኩትን ልንገራችሁ። በማሽን የተሞላው ቅጂ ለሕዝብ አይታይም። ከግራ በኩል የሚገኘውን የኩበት ክምር ጫፍ ቪዲዮዬ በከፊል ይዞታል፤ ያ እንደ ቀረጻ ይቆያል፣ የቀረው ክምር በመስመር ይሠራል። የኋላው ግድግዳ በእናትዮዋ ቃል በብሌንደር ይሠራና ሻደሩ ይገባበታል፤ የጭሱ ጥቁረት ከየት እስከ የት እንደ ነበረ ግን ከእሳቸው እስክሰማ ድረስ አልነካውም። እሳቸው ያላስታወሱት ቦታ ካለ ክፍት ይቀራል። ብርሃኑን ስሪዲ ሠሪው እንዲያስተካክልልኝ እጠይቃለሁ፤ ቀረጻው የተካሄደው በሰኔ ቀትር ላይ ስለሆነ ፀሐይዋ ከሰሜን መምጣት አለባት።

ለእናትዮዋ ቃለ ምልልስ በሚመጣው ቅዳሜ ከልጃቸው ጋር ገላን እንሄዳለን። ኦሮምኛ አቀላጥፎ የሚያዳምጥና ከድምፁ ላይ ሊጽፍልን የሚችል ሰው ከመካከላችሁ ካለ በውስጥ መስመር ይጻፍልኝ።